«ታገደ»፣ «ተሰረዘ»፣ «ተሻረ»፣ «ተነጠቀ»፦ በማመልከቻ ላይ የቱ ለየትኛው ነው?

ማመልከቻ ጸሐፊ (ለገጣፎ)

ሰላም ለሁላችሁ። እዚህ ለገጣፎ ለገዳዲ በኩል ለባለጉዳዮች ማመልከቻ የምንጽፍ ሰዎች አንድ ነገር እንድታጠሩልን እንፈልጋለን። አንድ ሰው በመንግሥት የተሰጠው ፈቃድ፣ ሹመት፣ ማዕረግ ወይም ካርታ ሲቀርበት ባለጉዳዩ ሁሉንም «ተነጠቅሁ» ብሎ ይናገራል። ከቢሮ የሚመጣው ደብዳቤ ግን አንዱ «ታግዷል»፣ ሌላው «ተሰርዟል»፣ ሦስተኛው «ተሽሯል»፣ የመሬት ጽሕፈት ቤቱ ደግሞ «መክኗል» ይላል። ማመልከቻ ላይ የሚጻፈውም እንዲሁ የተደበላለቀ ነው። «ፈቃዴን ያለአግባብ ስለተሰረዝኩ ስረዛው እንዲሰረዝልኝ» የሚል ጽሑፍ በብዛት ይታያል። እነዚህ ቃላት እርስ በርስ ይተካካሉ ወይስ እያንዳንዱ የራሱ ቦታ አለው? ቦታ ካለው፣ ቃሉን መሳሳት ባለጉዳዩን የሚጎዳው የት ላይ ነው?

የአማርኛ መምህርት (ሱሉልታ)

አይተካኩም። ለመለየት የሚረዳው ጥያቄ «መብቱ ወይም ሥልጣኑ ሲመጣ በምን ግስ መጣ?» የሚለው ነው፤ የሚሄድበት ግስ አብዛኛውን ጊዜ የመጣበትን ተከትሎ ነውና። የተሾመ ይሻራል፤ «ሹም ሽር» የምንለውም ሁለቱ ግሶች ጥንድ ስለሆኑ ነው፤ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው ተረትም የቆመው በዚሁ ጥንድ ላይ ነው። የተመዘገበ ይሰረዛል፤ በመዝገብ ላይ ያለ ስም መስመር ሲሰመርበት ሰረዝ ሆነ ማለት ነው። የለበሰ ይገፈፋል፤ ማዕረግ፣ ክብርና ክህነት እንደ ልብስ ስለሚታሰቡ «ማዕረጉን ተገፈፈ» እንላለን። የተቋቋመ ማኅበር ይፈርሳል፣ የተመደበ ኃላፊ ከቦታው ይነሳል፣ የተቀጠረ ሠራተኛ ይሰናበታል፣ የነገሠ ከዙፋን ይወርዳል።

«መሻር» ከግዕዙ ሰዐረ የመጣ ሲሆን ስፋቱ ከሁሉም ይበልጣል። ሰው ይሻራል፣ ሕግ ይሻራል፣ ውሳኔ ይሻራል፣ ውክልናና ኑዛዜም ይሻራሉ። ልጅ ኢያሱ መስከረም 17 ቀን 1909 ከሥልጣን ተሻሩ ስንል ስለ ሰው ነው፤ «የቀድሞው አዋጅ ተሽሯል» ስንል ስለ ሕግ። «ቁስሉ ሻረ» የሚለውን ከዚህ ጋር እንዳታምታቱት፤ እሱ ተደራጊ ሳይሆን ራሱ የዳነ ነው። ቅርጹን ማየት ብቻ ይለየዋል፦ ቁስል «ሻረ»፣ ሹም «ተሻረ»።

አሁን ያነሱት ዓረፍተ ነገር ላይ ልምጣ፤ ሁለት ስሕተት አለበት። የመጀመሪያው ሰዋስው ነው። «ተነጠቀ» እና «ተገፈፈ» ከሰውዬው ጋር ሲሄዱ ተሳቢን ይቀበላሉ፦ «ፈቃዱን ተነጠቀ»፣ «ማዕረጉን ተገፈፈ»። «ተሰረዘ» እና «ታገደ» ግን እንዲህ አይሄዱም። የሚሰረዘው ፈቃዱ ራሱ ስለሆነ «ፈቃዴ ተሰረዘ» ወይም «ፈቃዴ ተሰረዘብኝ» ይባላል። «ተሰረዝኩ» ማለት የሚቻለው የሰውዬው ስም ከመዝገብ ሲወጣ ነው፦ ከማኅበር አባልነት፣ ከተማሪዎች ዝርዝር፣ ከዕጩዎች ዝርዝር። «ታገደ»ም ሁለት መልክ አለው፤ «ፈቃዱ ታገደ» እና «ከሥራ ታገደ»። በሁለተኛው የታገደው ሰውዬው ስለሆነ «ከ» ይቀድመዋል። ሁለተኛውን ስሕተት፣ «ስረዛው እንዲሰረዝ» የሚለውን፣ ሕግ የሚያውቁት ቢያብራሩት ይሻላል።

ነገረ ፈጅ (ገላን)

የመምህርቷን ሐሳብ ከሕግ ጽሑፍ ጋር ላያይዘው። የንግድ ምዝገባና ፈቃድ አዋጅ ቁጥር 980/2008ን አንብቡ። ቀድሞ የነበረውን አዋጅ 686/2002 በሚያነሳበት ቦታ ቃሉ መሻር ነው፤ ስለ ነጋዴው ፈቃድ ሲናገር ግን ቃላቱ ማገድና መሰረዝ ናቸው። «መንጠቅ» እዚህ ቦታ የለውም፤ የጎዳና ቃል ነው፣ የጋዜጣም ይሆናል። ማመልከቻ ላይ «ተነጠቅሁ» ብለው ሲጽፉ የሚያነበው ባለሙያ ታገደ ይሁን ተሰረዘ መለየት አይችልም፤ ፋይሉን ከመዝገብ ቤት እስኪያስወጣ ጉዳዩ ይቆማል።

እገዳ ጊዜያዊ ነው። ፈቃዱ በሕይወት አለ፣ አይሠራበትም እንጂ። ብዙ ጊዜ የሚመጣው መስፈርት ሲጓደል ነው፤ ደብዳቤውም ምን መታረም እንዳለበትና በስንት ጊዜ ውስጥ እንደሆነ መግለጽ አለበት። ይህ ካልተጻፈበት መጀመሪያ የሚጠየቀው እሱ ነው፣ በጽሑፍ። ጉድለቱ ሲታረም ማመልከቻው የሚለው «ጉድለቱን አርሜ ማስረጃ ስላቀረብኩ እገዳው ይነሳልኝ» ነው። እገዳ ይነሳል፤ አይሰረዝም፣ አይሻርም።

ስረዛ ግን ፈቃዱን ከሥሩ ያቆመዋል። ምክንያቶቹ ሌላ ዓይነት ናቸው፦ በሐሰተኛ ማስረጃ የተገኘ መሆኑ፣ መክሰር፣ ፈቃዱን ከተሰጠበት ዓላማ ውጭ መጠቀም፣ አለማደስ፣ እንዲሁም ለእገዳ ምክንያት የሆነውን ጉድለት በተሰጠው ጊዜ አለማረም። ይህ የመጨረሻው ብዙ ሰው የሚወድቅበት ነው። «ታግዷል» የሚለውን ደብዳቤ ይዘው ይቀመጡና ወራት ካለፉ በኋላ «ተሰርዟል» የሚል ይመጣባቸዋል። በእድሳት በኩል ከሐምሌ 1 እስከ ታኅሣሥ 30 ያለ ቅጣት፣ ከጥር 1 እስከ ሰኔ 30 በቅጣት ይታደሳል፤ ከዚያ ያለፈው የስረዛ ጉዳይ ይሆናል።

ስረዛን መቃወም የፈለገ ሰው የሚጠይቀው ውሳኔው እንዲሻር ነው፦ «የተሰጠው የስረዛ ውሳኔ ተሽሮ ፈቃዴ እንዲመለስልኝ»። ፍርድ ቤትም በዚሁ ቋንቋ ነው የሚሠራው፤ ይግባኝ ሰሚው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 348 መሠረት የሥር ውሳኔን ያጸናል፣ ያሻሽላል ወይም ይሽራል። ስለዚህ ፈቃድ ይሰረዛል፣ የሰረዘው ውሳኔ ይሻራል። «እገዳው ይነሳልኝ» ብሎ የተሰረዘ ፈቃድ የያዘ ሰው ቢያመለክት መልሱ «እገዳ የለብዎትም» ይሆናል፤ መልሱ ትክክል ነው፣ የይግባኝ ጊዜው ግን እየሄደ ነው። ቃል መሳሳት የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው።

ሁለት ነገር ልጨምር። ንግድ ምዝገባና ንግድ ሥራ ፈቃድ የተለያዩ ሰነዶች ናቸው፤ ፈቃድ ተሰረዘ ማለት ምዝገባው ተሰረዘ ማለት አይደለም፣ የግብር ከፋይ መለያ ቁጥሩም እንዳለ ነው፣ ግብር የማሳወቅ ግዴታም በራሱ አይቆምም። ደብዳቤው የቱን እንደሚል ቃል በቃል ያንብቡ። ሁለተኛው፣ «ሱቁ ታሸገ» ሌላ ነገር ነው። እሽግ በበሩ ላይ የተወሰደ እርምጃ ነው፤ ፈቃዱ ያልታገደበት ሱቅ ሊታሸግ ይችላል፣ የተሰረዘበትም ሳይታሸግ ሊቆይ ይችላል። እሽጉን በራስ ሥልጣን መቅደድ ደግሞ ራሱን የቻለ ወንጀል ስለሆነ ከፈቃዱ ጉዳይ የባሰ ጣጣ ያመጣል። «ታሽጎብኛል» የሚል ባለጉዳይ ሲመጣ የፈቃዱ ሁኔታ ለብቻው ይጠየቅ።

የሰነድ አዘጋጅ (ኮዬ ፈጬ)

ስለ «መከነ» ማንም አልመለሰም፤ በከተማው ዳርቻ ግን ከንግድ ፈቃድ በላይ የሚያስለቅሰው እሱ ነው።

ካርታ «ተሻረ» አይባልም፣ «መከነ» ነው የሚባለው፤ ድርጊቱ «ማምከን»፣ ውጤቱ «የመከነ ካርታ»። ቃሉ ፈንጂ ማምከን ላይ ካለው ጋር አንድ ነው፦ ወረቀቱ በእጅ አለ፣ ማኅተሙም አለበት፣ ጉልበቱ ግን ወጥቷል። የመሬት አስተዳደር ባለሙያዎችም ዳኞችም ይህንኑ ይጠቀማሉ፤ «ካርታዬ ተሰረዘ» ቢባልም ይገባቸዋል፣ ግን ማመልከቻው ከፋይሉ ቃል ጋር አንድ ቢሆን ይሻላል።

ሰው የሚደነግጠው ማምከን ሁሉ ቅጣት ስለሚመስለው ነው። እንደዚያ አይደለም። ቤት ሲሸጥና ስም ሲዛወር፣ ይዞታ ሲከፈል ወይም ሲቀላቀል፣ የጠፋ ካርታ ምትክ ሲሰጥ፣ የቀድሞው መክኖ አዲስ ይወጣል። ይህ የሥራው መደበኛ መንገድ ነው። አደጋው ያለው ያለ ምትክ ሲመክን ነው፦ «ከአሠራር ውጭ የተሰጠ» ወይም «ተደራቢ» (በሌላ ካርታ ላይ የተደረበ) ተብሎ። ስለዚህ ባለጉዳዩ «ካርታህ መክኗል» ሲባል የሚጠይቀው ሦስት ነገር ነው፤ በምን ምክንያት፣ በየትኛው ቀንና ቁጥር በወጣ ደብዳቤ፣ እና በምትኩ የወጣ ካርታ በማን ስም ነው። በሌላ ሰው ስም ከወጣ ጉዳዩ የአስተዳደር አቤቱታ ብቻ ሳይሆን ከሰው ጋር ክርክር ይሆናል፤ የዚያን ጊዜ ጠበቃ ሳይዙ መሄድ አይገባም። ማመልከቻውም «ካርታው ይመለስልኝ» ከሚል «ካርታው እንዲመክን የተሰጠው ውሳኔ ይሻርልኝ» ቢል መልሱም በውሳኔው ላይ ይሆናል።

ውክልና ላይ ደግሞ መምህርቷ ካሉት ትንሽ የወጣ ነገር አለ። ውክልና «ይሰጣል»፣ ግን «አይነጠቅም»፣ «አይሰረዝም»ም፤ ይሻራል። ወካዩ በራሱ ፈቃድ የሚያደርገው ስለሆነ ሰነዱ «የውክልና ሥልጣን መሻሪያ» ይባላል። ብዙ ሰው መሻሪያውን አስመዝግቦ ወደ ቤቱ ይሄዳል፤ አልጨረሰም። ዋናውን የውክልና ወረቀት ከተወካዩ መቀበል አለበት፣ ተወካዩ ለሚሠራባቸው ባንክና መሬት ጽሕፈት ቤትም መሻሩን በጽሑፍ ማሳወቅ አለበት። ወረቀቱ በተወካዩ እጅ እንዳለ ከቀረና ሦስተኛ ወገን አምኖ ከተዋዋለ ወካዩ ሊጠየቅ ይችላል። ኑዛዜም እንዲሁ ነው፦ ተናዛዡ በሕይወት እያለ ይሽረዋል፤ እሱ ከሞተ በኋላ ወራሾች ፍርድ ቤት የሚጠይቁት «ፈራሽ ነው» እንዲባል ነው። ሟች ያልሻረውን ወራሽ ሊሽረው አይችልም።

ተርጓሚ (ቡራዩ)

እኛ ያለንበት አካባቢ አሁን በሸገር ከተማ ሥር ስለሆነ ደብዳቤው የሚመጣው በአፋን ኦሮሞ ነው። ስሕተቱ ብዙ ጊዜ የሚጀምረው ከትርጉም ነው። «ኡጉረሜ» የሚለው ታገደ ነው፤ «ሀቀሜ» የሚለው ተሰረዘ ነው፣ ሥሩም እንደ አማርኛው ከጽሑፍ ላይ ማጥፋት ነው። ሁለቱንም «ተከለከለ» ብለው የሚተረጉሙ አሉ፤ ያ ትርጉም ለባንክ ወይም ለፌዴራል መሥሪያ ቤት ሲቀርብ ነገረ ፈጁ ያሉት ልዩነት ሁሉ ይጠፋል። «ተከለከለ» ለገና ላልተሰጠ ነገር ነው። ትርጉም የምታስይዙ ሰዎች የመጀመሪያውን ደብዳቤ ቅጂ ከትርጉሙ ጋር አያይዙ፣ ቁጥሩንና ቀኑን በሁለቱም ላይ አስተያዩ። አቤቱታው ለሸገር ከተማ ጽሕፈት ቤት ከሆነም ማመልከቻው በአፋን ኦሮሞ ቢጻፍ ይመረጣል፤ የሥራ ቋንቋው እሱ ነው።

ማመልከቻ ጸሐፊ (ለገጣፎ)

እግዚአብሔር ይስጥልን፣ ብዙ ተጣርቶልናል። አንድ የቀረ አለ። የትምህርት ማስረጃው ሐሰተኛ ነው ተብሎ ከሥራ የወጣ ሰው «ዲግሪዬ ተሰረዘ» ነው የሚለው ወይስ «ተገፈፈ»? ዜግነት ላይስ?

የአማርኛ መምህርት (ሱሉልታ)

ዜግነት ላይ ሕገ መንግሥቱ ራሱ ቃሉን መርጧል። አንቀጽ 33 ማንም ኢትዮጵያዊ ከፈቃዱ ውጭ ዜግነቱን ሊገፈፍ አይችልም ነው የሚለው። ዜግነት በመዝገብ የተሰጠ ብቻ ሳይሆን ሰውዬው የለበሰው መብት ተደርጎ ስለታየ ቃሉ ትክክለኛ ቦታው ላይ ነው። በዚያው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 54 ግን የመረጠው ሕዝብ አመኔታ ያጣበት የምክር ቤት አባል «ይወገዳል» ይባላል፤ ያ ሰው ከመቀመጫ ይወጣል እንጂ የሚገፈፈው ነገር የለም።

ዲግሪውን በሁለት ይክፈሉት። ዩኒቨርሲቲው በእውነት ሰጥቶት ኋላ በጥናት ሥራው ላይ ማጭበርበር ተገኝቶበት ከሆነ «ዲግሪው ተሰረዘ» ይባላል፤ «ተገፈፈ» የሚሉም አሉ፣ ክብሩን ለማመልከት ከሆነ አይከፋም። ወረቀቱ ከመጀመሪያው ሐሰተኛ ከሆነ ግን አንዱም አይሆንም፤ ያልነበረ ነገር አይሰረዝም። «ማስረጃው ሐሰተኛ ሆኖ ስለተገኘ ከሥራ ተሰናበተ» ተብሎ ይጻፋል።

ነገረ ፈጅ (ገላን)

የመምህርቷ ልዩነት ለክርክሩም ያገለግላል። ደብዳቤው «ዲግሪው ተሰርዟል» ካለ ሰጪው ተቋም ዲግሪው ከስረዛው በፊት ይጸና እንደነበር አምኗል ማለት ነው፤ «ሐሰተኛ ነው» ካለ ግን ተቋሙ ፈጽሞ አልሰጠሁም እያለ ነው። ባለጉዳዩ ማመልከቻ ከማስጻፉ በፊት የተቋሙን የማረጋገጫ መልስ ቅጂ ከሠራተኛ አስተዳደር ይጠይቅ፤ ማመልከቻው በዚያ መልስ ላይ ባለው ቃል ላይ ይቁም።