ኒቅያ ያወገዘው እኛን ነው እንዴ?

የማታ ተማሪ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ነገረ መለኮትና የቤተ ክርስቲያን ታሪክ በማታው ክፍለ ጊዜ እማራለሁ። አንድ ነገር እንቅልፍ ነስቶኛል። ትናንት የኒቅያን ጉባኤ የእምነት መግለጫ በእጄ እየገለበጥኩ ነበር። መጨረሻው ላይ ውግዘት አለ። ወልድ ከሌላ ሂፖስታሲስ ወይም ከሌላ ኡሲያ (ባሕርይ) ነው የሚሉትን ያወግዛል። እዚያ ላይ እስክሪብቶዬን አስቀመጥኩ። እኔ ሂፖስታሲስ ማለት "አካል" ነው ብዬ ነው የተማርኩት። ሦስት አካል፣ አንድ ባሕርይ እንላለን አይደል? ታዲያ የ325ቱ ጉባኤ ያወገዘው እኛን ነው እንዴ? አስተማሪዬን ብጠይቀው "ለፈተና አይመጣም፣ እለፈው" አለኝ። እኔ ግን ማለፍ አቃተኝ።

ብራና፦
ወንድሜ፣ እንኳንም አላለፍከው። እኔም ድሮ እዚሁ መስመር ላይ ነው የተያዝኩት።

በ325 ሁለቱ ቃላት ገና አልተለያዩም ነበር። መጽሐፍ ቅዱስህን አውጣና ዕብራውያን 1፥3ን ተመልከት። "የባሕርዩ ምሳሌ" ይላል። እዚያ "ባሕርይ" የተባለው በግሪኩ ሂፖስታሲስ ነው! ስለዚህ ኒቅያ ያወገዘው ወልድ ከአብ ባሕርይ ውጭ ነው የሚለውን የአርዮስን ትምህርት ነው። ሦስት አካል ማለትን አይደለም።

ልዩነቱን ያጠሩት በኋላ የመጡት እነ ታላቁ ባስልዮስ ናቸው። ኡሲያ የጋራው፣ ሂፖስታሲስ የየራሱ። "ሰው" ስትል ሁሉንም ይይዛል፤ "ጴጥሮስ" ስትል አንዱን ትለያለህ። የ381ዱ የቁስጥንጥንያ ጸሎተ ሃይማኖት ውስጥ ያ ውግዘት የለም፤ አስተያይተህ እየው።

ከዚህ ሁሉ ልቤን የሚነካው ግን የ362ቱ የእስክንድርያ ጉባኤ ነው። የእስክንድርያው ጳጳስ አትናቴዎስ ከሦስተኛ ስደቱ መመለሱ ነው። ዕድሜውን ሙሉ ለኒቅያ የተሰደደ ሰው ነው፤ ቢቆጣ ማንም አይፈርድበትም። እሱ ግን ጠየቀ። ሦስት ሂፖስታሲስ የሚሉትን፣ ሦስት አማልክት ማለታችሁ ነው ወይ አላቸው። አይደለም አሉ። አንድ ሂፖስታሲስ የሚሉትን ደግሞ፣ እንደ ሰባልዮስ ወልድንና መንፈስ ቅዱስን ስም ብቻ ማድረጋችሁ ነው ወይ አላቸው። እነሱም አይደለም፣ ኡሲያ ለማለት ነው አሉ። ሁለቱም ወገን ያመነው አንድ ነገር ሆኖ ተገኘ። ይህን ባነበብኩ ቁጥር ቆም እላለሁ።

የታሪክ ወዳጅ፦
ብራና በደንብ አስረድቶታል። ግን ነገሩ በቃላት ብቻ አላለቀም። የዚያ ጉባኤ ደብዳቤ የተላከው ለአንጾኪያ ነው፤ ከተማዋ በመላጥዮስና በጳውሊኖስ ወገን ተከፍላ ነበር። ደብዳቤው ከመድረሱ በፊት ከምዕራብ የመጣው ጳጳስ ሉኪፈር ጳውሊኖስን ጳጳስ አድርጎ ሾሞ ጨርሶ ነበር። ትርጉሙ ላይ ቢስማሙም ወንበሩ ላይ አልተስማሙም። መከፋፈሉ ለብዙ ዓመታት ቀጠለ።

ላቲኖቹን ደግሞ አትርሳ። ሂፖስታሲስን በራሳቸው ቋንቋ ቃል በቃል ሲያስቀምጡት "ሱብስታንሺያ" ይሆንባቸዋል። ያ ደግሞ እነሱ ዘንድ ባሕርይ ነው። የላቲኑ ሊቅ ጀሮም ከሶርያ በረሃ ለሮሙ ጳጳስ የጻፈው ለዚህ ነው። እዚያ የነበሩት ሰዎች ሦስት ሂፖስታሲስ በል ብለው አስጨነቁት። ለእሱ ጆሮ ሦስት ባሕርይ በል እንደማለት ነበር።

የማታ ተማሪ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ዕብራውያንን አሁን ገልጬ አየሁት። ስንት ጊዜ አንብቤው አላስተዋልኩም! ለሂፖስታሲስ ደብተሬ ላይ አንድ ሙሉ ገጽ ከፈትኩለት፤ ዓመቱን፣ ተናጋሪውን፣ ምን ለማለት እንደተጠቀመበት እየጻፍኩ ነው። ቀጥሎ የሚመጣው ቄርሎስና የ451ዱ ኬልቄዶን ነው። "ፊዚስ" (ይህም ባሕርይ ተብሎ ይተረጎማል) የሚለውም ቃል እንደዚህ ያስቸግራል?

ብራና፦
ከዚህም ይብሳል። ቄርሎስ ፊዚስንና ሂፖስታሲስን አንዳንዴ አቀራርቦ ይጠቀምባቸዋል፤ ኬልቄዶን ግን ለይቶ ሁለት ፊዚስ፣ አንድ ሂፖስታሲስ አለ። ለፊዚስ ሁለት ገጽ ተውለት። የቄርሎስን ደብዳቤዎች አስቀድም፣ የጉባኤውን ውሳኔ ከዚያ በኋላ አንብብ። የከበደህን መስመር እዚሁ ጻፈው፤ አብረን እናየዋለን።