በወሊድ መዝገብ ላይ ያለው «ሾክ» ድንጋጤ ነውን?

ጥያቄ፦
የተከበራችሁ አባላት፣ አሜሪካ የምትኖር አንዲት ዘመዴ ወልዳ ከሆስፒታል ስትወጣ የተሰጣት የሕክምና ማጠቃለያ «ኦ75.1» እና «ኦ72.1» የሚሉ ሁለት ኮዶች (የሕመም መለያ ምልክቶች) ይዟል። ቀደም ሲል የተረጎመላቸው ሰው የመጀመሪያውን «በምጥና በወሊድ ጊዜ ወይም ከዚያ በኋላ የደረሰ ድንጋጤ» ብሎ ስለጻፈው፣ አገር ቤት ያሉት እናቷ «ልጄን ምን አስደነገጣት?» እያሉ ይጠይቃሉ። አገላለጹ ትክክል ነውን? ሁለተኛው ኮድስ ለምን አስፈለገ?

መልስ፦
እናትየው አማርኛውን በትክክል ተረድተውታል፤ የተሳሳተው ትርጉሙ ነው። በእኛ ቋንቋ ድንጋጤ መርዶ ሲሰሙ ወይም ድንገተኛ ነገር ሲገጥም ክው ማለት ነው፤ ስለዚህ ደነገጠች ከተባለ ያስደነገጣት ነገር መኖር አለበት። ኦ75.1 የሚናገረው ግን ስለ ደም ዝውውር ነው። የደም ዝውውር እጅግ ከመዳከሙ የተነሣ አንጎል፣ ኩላሊትና ሌሎች የሰውነት ክፍሎች በቂ ደምና ኦክስጅን ሳያገኙ ሲቀሩ የሕክምና ባለሙያዎች «ሾክ ውስጥ ገባች» ይላሉ። እንዲህ ያለችው ወላድ ልቧ በፍጥነት ይመታል፣ ቆዳዋ ይገረጣል፣ ቀዝቃዛ ላብ ያጠምቃታል፣ የደም ግፊቷ ይወርዳል፣ ሽንቷ ይቀንሳል፤ ሕክምናው ከዘገየ ራሷን ልትስት፣ ልትሞትም ትችላለች። ምንም ያስደነገጣት ነገር ሳይኖር ይህ ሁሉ ሊደርስባት ይችላል።

ይህን ልዩነት የኮድ መጽሐፉ ራሱ አስቀምጦታል። የዓለም ጤና ድርጅት ባዘጋጀው የበሽታዎች ምደባ በአሥረኛው እትም፣ ማለትም በአይሲዲ-10፣ አጠቃላዩ ሾክ የሚመዘገበው በአር57 ሥር ሲሆን፣ እዚያው ላይ በዚህ ኮድ የማይመዘገቡት ተዘርዝረዋል። ከወሊድ ጋር የተያያዘው ወደ ኦ75.1፣ በኤሌክትሪክ የሚደርሰው ወደ ቲ75.4፣ የአእምሮ ድንጋጤው ደግሞ ወደ ኤፍ43.0 ይመራል። እንግዲህ «ድንጋጤ» የሚለው ቃላችን በትክክል የሚገጥመው ለመጨረሻው ነው። በእንግሊዝኛ አንድ ቃል የሚጠራቸውን እነዚህን ነገሮች አማርኛችን ከድሮም አይቀላቅላቸውም፤ ኤሌክትሪክ የነካውን ሰው «ኮረንቲ ያዘው» እንላለን እንጂ «ደነገጠ» አንልም። የወላዷንም ሁኔታ በራሱ ስም መጥራት ይገባል።

ወደ ሁለተኛው ጥያቄዎ ስንመጣ፣ ኦ72.1 ከእንግዴ ልጁ መውጣት በኋላ ባሉት 24 ሰዓታት ውስጥ የሚደርሰውን የደም መፍሰስ ያመለክታል። ደም መፍሰሱ ምክንያት፣ ሾኩ ደግሞ ያስከተለው ጉዳት ስለሆነ፣ ሐኪሙ ሁለቱንም ከጻፈ ሁለቱም ይመዘገባሉ። የፈሰሰው ደም መጠን ብቻውን ሾክ መኖሩን አይወስንም፤ የዓለም ጤና ድርጅት ከወሊድ በኋላ 500 ሚሊ ሊትርና ከዚያ በላይ የሚፈስን ደም የደም መፍሰስ ችግር ብሎ ለረጅም ዘመን ሲተረጉመው ቆይቷል፤ ይሁንና ቀድሞውኑ ደም ማነስ ያለባት እናት ጤነኛዋ በምትቋቋመው መጠን ልትወድቅ ትችላለች። ማሕፀን ሲገለበጥም ሾኩ ከሚታየው ደም ጋር የማይመጣጠን ሊሆን ይችላል። ኮድ የሚሰጠው ባለሙያ ግን የደም ግፊቱን ቁጥር አይቶ «ይህ ሾክ ነው» ብሎ የመወሰን ሥልጣን የለውም፤ ሐኪሙ ያንን በግልጽ መጻፍ አለበት፣ ካልጻፈም ይጠየቃል። ይህ ሥርዓት ለእናቲቱም ጥበቃ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ምክንያቱም በሚቀጥለው እርግዝናዋ የሚያያት ሐኪም የሚንከባከባት በተጻፈው ላይ ተመሥርቶ ነው።

ተጨማሪ ጥያቄ (ከሌላ አባል)፦
ለዝርዝር ማብራሪያው አመሰግናለሁ። «ወይም ከዚያ በኋላ» የሚለው እስከ መቼ ነው? በአራስነት የሚደርሰውን ሁሉ ይጨምራልን? ፅንስ ሲወርድ የሚደርሰውስ?

መልስ፦
በአሜሪካው የኮድ መመሪያ የድህረ ወሊድ ጊዜ ልጁ እንደተወለደ ይጀምርና ስድስት ሳምንት ይቆያል። በአገራችን አርባና ሰማንያ የምንለው የክርስትና ቀን ስለሆነ፣ ሁለቱን አቆጣጠሮች አንዱን በሌላው መተካት አያስፈልግም፤ «ስድስት ሳምንት» ብሎ መጻፍ ይበቃል። ከፅንስ መውረድ ወይም ከማሕፀን ውጭ ከተፈጠረ እርግዝና በኋላ የሚደርሰው ሾክ በዓለም ጤና ድርጅት ምደባ ኦ08.3 የሚባል የራሱ ኮድ አለው። በኢንፌክሽን ሳቢያ የሚመጣውም ለብቻው ይታያል፤ የአራስነት ሴፕሲስ (ሰውነት ለኢንፌክሽን በሚሰጠው የተዛባ ምላሽ የሚደርስ ከባድ ሕመም) በኦ85 ይመዘገብና፣ በአሜሪካው ምደባ ሾኩ በአር65.21 ይጨመርበታል። እነዚህ የ«ኦ» ኮዶች በእናትየው መዝገብ ላይ ብቻ እንጂ በሕፃኑ ላይ አይጻፉም።

ለጠያቂያችን ዘመድ እናት እንዲህ ተብሎ ቢጻፍላቸው ይሻላል፦ «ልጅዎ ከተገላገለች በኋላ ብዙ ደም ስለፈሰሳት የደም ዝውውሯ በጣም ተዳክሞ ነበር፤ ሐኪሞች ይህን ሾክ ይሉታል።» ለባለሙያ በሚቀርብ ሰነድ ላይ ደግሞ «በምጥና በወሊድ ወቅት ወይም ከዚያ በኋላ የሚደርስ ሾክ» ብሎ ኮዱን አብሮ ማስፈር ተገቢ ነው።