ዩሪያ ካደረግኩለት በኋላ የአቮካዶዬ ቅጠል እየተቃጠለ ነው፣ ምን ላድርግ?

የዳሌዋ፦
ሰላም እንዴት ናችሁ። ይርጋለም አካባቢ ነው ያለሁት፣ ጓሮዬ ውስጥ ሀስ የሚባለው ዝርያ 8 የተዳቀለ አቮካዶ አለኝ፣ ከተተከለ ሁለት ዓመቱ ነው። ከሦስት ሳምንት በፊት ቢጫ ቢጫ አለብኝና ምግብ ያነሰው መስሎኝ ለእያንዳንዱ አንድ አንድ እፍኝ ዩሪያ ግንዱ ስር በተንኩ፣ ዝናብ የለም ውሃም አላጠጣሁም። አሁን የቅጠሉ ጫፍና ዳር ዳሩ ቡናማ ሆኖ ስነካው እንደ ደረቅ ወረቀት ይሰባበራል። ታች በኩል ያሉት ሦስቱ ደግሞ ይብሳሉ፣ ቅጠላቸው አንሷል ተንጠልጥሏል። ጎረቤቴ ኤንፒኤስ የሚባለውን ማዳበሪያ ጨምሪበት አለኝ። ልጨምር? እባካችሁ ለልጆቼ ትምህርት ይሆናል ብዬ ነው የደከምኩበት።

ቡና ጓሮ፦
እህቴ በፈጠረሽ ምንም እንዳትጨምሪ! ዩሪያ 46 በመቶው ናይትሮጅን ነው፣ በደረቅ አፈር ላይ አንድ ቦታ ሲከማች ሥሩን ያቃጥለዋል፣ አቮካዶ ደግሞ ከብዙ ሌላ ፍራፍሬ ይልቅ እንዲህ ያለ የማዳበሪያ ጨው አይችልም። መጀመሪያ ያልሟሟ የዩሪያ ፍሬ ካለ ለቅመሽ አውጪ። ከዛ ላይኞቹን አምስቱን ለእያንዳንዳቸው ሁለት ጀሪካን ውሃ ቀስ እያልሽ አጠጪ፣ ከሦስት አራት ቀን በኋላ ድገሚው። የተቃጠለው ቅጠል አይመለስም ግን አትልቀሚው፣ ግንዱን ከፀሐይ ይከልልለታል።

አባ ወርቄ፦
ልጄ እኔ ድሮም ኬሚካል አልወድም። የዶሮ ኩስ አድርጊለት፣ የኔ በሱ ነው የቆመው።

ቡና ጓሮ፦
አባባ ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ ያልበሰለ የዶሮ ኩስም እኮ እንደ ዩሪያ ያቃጥላል። ወራት ተከምሮ የበሰለ ከሆነ እሺ፣ አሁን ግን ሥሩ ቆስሏል፣ እሱም ቢሆን ዝናብ ይጠብቅ።

የችግኝ ጣቢያው፦
እኔን ያሳሰበኝ ታችኞቹ ሦስቱ ናቸው፣ እነሱ ሌላ በሽታ ነው የሚመስለኝ። እነሱን ውሃ አታጠጪ። ቅርንጫፉ ጥላ የሚጥልበት ጠርዝ ላይ በእጅሽ አንድ ስንዝር ያህል ጫር ጫር አድርጊ፣ በዶማ አይደለም፣ የአቮካዶ መጋቢ ሥር ላይ ላዩን ስለሆነ ትቆርጪዋለሽ። ቀጫጭኑ ሥር ነጣ ያለ ከሆነ ደህና ነው፣ ጠቁሮ ስትይዢው የሚሰበር ከሆነ በስብሷል። ሌላው የተዳቀለበት ጠባሳ ከአፈር በላይ ነው ወይስ ተቀብሯል? ውሃስ የሚተኛበት ቦታ ነው?

የዳሌዋ፦
አሁን ጫርኩት። ላይኛው ነጭ ነው። የታችኛው ጥቁር፣ ስጎትተው ልጣጩ እጄ ላይ ቀረ። ጠባሳውን ፈልጌ አራት ጣት ያህል አፈር ስር አገኘሁት፣ ጎርፍ ነው ያለበሰው። ውሃው ደግሞ... ልብስ የማጥብበት ውሃ በዛ በኩል ነው የሚወርደው፣ እስከ ዛሬ አላሰብኩትም።

የችግኝ ጣቢያው፦
አገኘሽው። ቢጫ ያደረገውም እሱ ነው፣ ሥሩ አየር ሲያጣ ማዳበሪያ ቢደረግለትም መሳብ አይችልም። ፋይቶፍቶራ የሚባለው የሥር አበስባሽ እንዲህ ያለ ውሃ የሚተኛበት ቦታ ይወዳል። ዛሬውኑ የሳሙናውን ውሃ ወደ ሌላ ምሪው፣ ከላይ በኩል ቦይ ቅደጂ፣ አፈሩን ጠባሳው እስኪታይ በእጅሽ ግለጪ። ከዛ ደረቅ ሳር ወይም የቡና ገለፈት ጎዝጉዢ፣ ግንዱን ሳይነካ አንድ ስንዝር አርቀሽ። ዶማውን ሳታጥቢ ወደ ላይኞቹ አትሂጂ፣ በሽታው ከአፈሩ ጋር ይሄዳል። አንዱ ከሞተብሽ እዛው ጉድጓድ ሌላ አቮካዶ አትተኪ። ለሚቀጥለው ደግሞ እንደዚህ ያለ ቦታ ላይ ጉብታ ሠርተሽ ጉብታው ላይ ነው የሚተከል።

ማዳበሪያውን በልግ ዝናብ አፈሩን ካረጠበው በኋላ ላይኞቹ አዲስ ቅጠል ሲያወጡ ጀምሪ። በቡና ሲኒ ለኪ፣ ግማሽ ሲኒ ዩሪያ ለአንድ ዛፍ፣ ከግንዱ ሁለት ስንዝር ርቀሽ ዙሪያውን ክብ አድርገሽ በትኚ፣ በየወር ተኩሉ እስከ ክረምት ማብቂያ። የበሰለ ኮምፖስት በባልዲ በዓመት ሁለቴ። ኤንፒኤሱን አንዴ በዝናብ መጀመሪያ ትንሽ ብታደርጊ ይበቃል።

ሶዶ ልጅ፦
ጣልቃ ልግባና፣ የኔ አምስት ዓመቱ ነው አበባው ይዘንባል ፍሬ ግን የለም። ማዳበሪያ ነው?

የችግኝ ጣቢያው፦
ወንድሜ አብዛኛው አበባ መርገፉ የተፈጥሮ ነው። ብቻውን ከሆነ ግን ጎረቤት ያስፈልገዋል። የሀስ አበባ ጠዋት ሴት ሆኖ ይከፈታል፣ በማግስቱ ከሰዓት ወንድ ሆኖ። ፉዌርቴና ኤቲንገር የሚባሉት የአቮካዶ ዝርያዎች በተቃራኒው ናቸው፣ አንድ ብትተክል ንቦቹ ያገናኙልሃል። አበባ ላይ ፀረ ተባይ አትርጭ።

የዳሌዋ፦
ከሁለት ወር በኋላ ተመለስኩ። ዝናቡ ገብቷል፣ አምስቱም ጫፋቸው ላይ ቀላ ያለ ለጋ ቅጠል አወጡ፣ ትናንት የመጀመሪያውን ግማሽ ሲኒ አደረግኩላቸው። ከታችኞቹ አንዱን ነቀልኩት፣ ሁለቱ ቦዩ ከተቀደደ ወዲህ ቅጠላቸው ቀና ብሏል። አንደኛው ግን ከላይ ቅርንጫፉ ራቁቱን ቀርቶ ፀሐይ እየመታው ነው፣ ምን ላልብሰው?

ቡና ጓሮ፦
እሰይ! የደረቀውን እንጨት እስከ ሕያው ድረስ ቁረጪና የተራቆተውን ኖራ በውሃ አቅጥነሽ ቀቢው፣ ቅጠል እስኪለብስ ይከልልለታል።