ወረዳው ይከፈል ወይስ ዳኛው ወደ ሰው ይምጣ? (ክርክር)

የአጂፕ ልጅ፦
ሰላም ለቤቱ። ገጠር ዘመድ የሌለው የጅማ ልጅ የለምና ይሄ ሁላችንንም ይመለከታል። ከሰርቦም ይምጣ ከሸኪ፣ ከጭራም ይምጣ ከአትናጎ፣ እንግዳ ቤቴ በገባ ቁጥር ወሬው አንድ ነው፤ «ወረዳችን ሰፍቷል፣ ይከፈልልን»። ሽማግሌና ባለሥልጣን አብረው በተቀመጡበት ሁሉ ከመንገድና ከመብራት ቀጥሎ የሚነሳው ይኸው ነው።

እኔ ይከፈል ባይ ነኝ። በ1999ኙ የሕዝብ ቆጠራ ደዶ ወረዳ ብቻውን ከ288 ሺህ በላይ ሰው ነበረው። በዚያው ቆጠራ ጅማ ከተማ 121 ሺህ ገደማ ነበረች። አንድ የገጠር ወረዳ ከተማችንን ከእጥፍ በላይ ይበልጣት ነበር ማለት ነው። ሰቃ ጨቆርሳና ጎማም እያንዳንዳቸው ከ200 ሺህ በላይ ነበሩ። ከዚያ ወዲህ ሀገሪቱ ቆጠራ አላካሄደችም፤ ሰው ግን መውለዱን አልተወም። ይህን ሁሉ ሕዝብ አንድ ፍርድ ቤት፣ አንድ የመሬት ጽሕፈት ቤት እንዴት ይችለዋል? ሸቤ ሶምቦ ከሰቃ ጨቆርሳ ወጥቶ ራሱን የቻለ ወረዳ ሆኗል። ለእነሱ ከተፈቀደ ለሌላው ለምን ይከለከላል?

በሉ ተከራከሩ። ስድብ የለም፤ ብሔርም አናነሳም።

ሒሳብ ሹም፦
ስሜቱ ይገባኛል። ግን ወረዳ ስለተከፈለ በጀት አይጨምርም። የገጠር ወረዳ ፋይናንስ ውስጥ ዓመታት ሠርቻለሁና ነገሩን ከውስጥ አውቀዋለሁ። ከ1994 ዓ.ም. ወዲህ ወረዳ የሚኖረው በጥቅል ድጎማ ነው። ክልሉ በቀመር ያከፋፍላል፤ ቀመሩ ውስጥ የሕዝብ ብዛት ትልቅ ቦታ አለው። ሕዝቡ ሲከፈል ድጎማውም ይከፈላል። ወጪው ግን አይከፈልም፣ ይደገማል።

አንድ የነበረው አስተዳዳሪ ሁለት ይሆናል። ምክትሉም፣ አፈ ጉባኤውም፣ የግብርናው፣ የትምህርቱ፣ የጤናው፣ የውሃው ኃላፊም፣ የፖሊስ አዛዡም፣ ዐቃቤ ሕጉም እንደዚያው። እያንዳንዱ ጠረጴዛ፣ ማኅተምና ሞተር ሳይክል ይፈልጋል። አስተዳዳሪው ደግሞ መኪና። አሁን ባለው እንኳ የወረዳ በጀት አብዛኛው ደመወዝ ነው። ሥራ ማስኬጃው ሚያዝያ ላይ ተንጠፍጥፎ ያልቃል። ግንቦት ላይ የወረቀትና የቶነር ጥያቄ ይዞ የሚመጣ ባለሙያ ሲያይ የሚደበቅ የፋይናንስ ሰው አይፈረድበትም።

ባጃጁ፦
ሰው ዳኛ ጠየቀ፣ አንተ ስለ ቶነር ታወራለህ።

የቡና ሰው፦
ሒሳብ ሹም ወንድሜ፣ የቢሮውን ወጪ ቆጠርክልን። የገበሬውንስ ማን ይቁጠርለት?

አጎቴ ከጎረቤቱ ጋር የድንበር ክርክር አለው። መሃላቸው ያለችው ነገር ጠባብ የቡና ማሳ ናት። ወረዳውን አልጠራም። ቤቱ ከወረዳው ከተማ በእግር አምስት ሰዓት ያስኬዳል። ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ባትሪ ይዞ ይነሳል። ጫማውን በፌስታል ጠቅልሎ ብብቱ ሥር ያደርግና ጭቃውን በባዶ እግሩ ይወርዳል። ከተማው መግቢያ ላይ ካለች ምንጭ እግሩን ታጥቦ ጫማውን ያጠልቃል። ዳኛ ፊት በጭቃ እግር አይቆምም ባይ ነው። ገና ቢሮ ሳይከፈት መዝገብ ቤቱ በር ላይ ይደርሳል። ሦስት ሰዓት ሲሆን ጸሐፊዋ ትመጣና ቀና ሳትል «ዳኛው ስብሰባ ናቸው፣ ለሚቀጥለው ወር ተቀጥሯል» ትለዋለች።

ይሄ ኅዳር ላይ ነው፤ ቡናው ቀልቶ ዛፍ ላይ እያለ። በወቅቱ ያልተለቀመ እሸት ዛፉ ላይ ይደርቅና ጀንፈል ይሆናል፤ ዋጋውም ሌላ ነው። ምስክር ይዞ ከሄደ የምስክሮቹ ምሳም መመለሻም በእሱ ኪስ ነው። ያን ሁሉ ደምሩና ከእናንተ መኪና ጋር አስተያዩት። አጎቴ መኪናውን እሱ እየገዛ ነው፤ በየቀጠሮው ትንሽ ትንሽ እያለ።

ጡረተኛው መምህር፦
ልጄ የቡና ሰው፣ አጎትህ አሳዝነውኛል። አንድ ነገር ግን ልጠይቅህ። በኦሮሚያ የገጠር መሬት ሕግ ክርክሩ መጀመሪያ የሚቀርበው ለቀበሌ ነው። ሁለቱ ወገኖች ሽማግሌ ይመርጣሉ፤ ያልተስማማ ከዚያ በኋላ ወደ ወረዳ ፍርድ ቤት ይሄዳል። ከ2013 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ የባህል ፍርድ ቤቶች በአዋጅ ተቋቁመዋል። እነዚህን ሞክረዋል?

የቡና ሰው፦
ጋሼ፣ ሽማግሌዎቹ ማሳው ላይ ወጥተው፣ በገመድ ለክተው፣ ለአጎቴ ፈረዱ። ጎረቤቱ አልቀበልም ብሎ ወረዳ ወሰደው። የባህል ፍርድ ቤቱም ቢሆን ሁለቱም ካልተስማሙበት አይሆንም። እግሩ የሚችል ሰው ደካማውን በመንገድ ያሸንፈዋል።

ጡረተኛው መምህር፦
የመጨረሻዋን አባባልህን እቀበላለሁ። መደምደሚያህን ግን አልቀበልም።

ወረዳ መክፈል ችግሩን ከአምስት ሰዓት ወደ ሦስት ሰዓት ያወርደው ይሆናል። ገበሬ በእግሩ የሚደርስበት መንግሥት ግን ቀበሌ ነው። በ1967 የገጠር መሬት አዋጅ የገበሬ ማኅበር ሲቋቋም ቢያንስ 800 ሄክታር ይዞ ነው የታሰበው፤ አንድ ሰው ዞሮ የሚያዳርሰው ስፋት። የዛሬው የገጠር ቀበሌ ከዚያ የመጣ ነው። ሕገ መንግሥቱም አንቀጽ 50 ላይ ለዝቅተኛው እርከን በቂ ሥልጣን ይሰጠዋል ይላል፤ ሕዝቡ በቀጥታ እንዲሳተፍ። እኛ ግን ሥልጣኑ ወረዳ ላይ ሲደርስ በቃ አልነው። ቀበሌው ውስጥ ያለው አንድ ሥራ አስኪያጅ፣ የግብርና ባለሙያዎቹ፣ ጤና ኤክስቴንሽኖቹና መምህራኑ ናቸው። የሚወስኑት ነገር የለም፤ ሪፖርት ይልካሉ።

ደግሞ ስለ ስሙ። ከድሮዎቹ አምስት የጊቤ መንግሥታት ጎማ፣ ጉማ፣ ጌራና ሊሙ ዛሬም የወረዳ ስም ሆነው አሉ። ሰው በእነዚህ ስሞች ይኮራል። ስትከፍሉት ስሙን ማን ይወስዳል? ቀልድ እንዳይመስላችሁ፤ በስም የተነሳ የተኳረፉ ሽማግሌዎች አውቃለሁ።

ጅሬን ማዶ፦
ማንም የማያነሳውን እኔ ላንሳ። «ወረዳ ይሰጠን» ብሎ ከሁሉ በላይ የሚጮኸው ማን ነው? መንገድ ዳር ቦታ የያዘው ነው። የወረዳ ከተማ የሆነች መንደር ላይ ባንክ ይመጣል፣ ሆቴል ይመጣል፣ ሠራተኛ ቤት ይከራያል። ስለዚህ ሁለት ጎረቤት መንደሮች «ዋና ከተማው እኛ ጋ ይሁን» ብለው ሲሟገቱ፣ ሩቅ ተራራ ላይ ያለው ገበሬ ተረስቷል።

መንደሯ ዳር ማሳ ያለው ገበሬ ደግሞ የበለጠ ያሳስበኛል። ዛሬ መሬቱን የያዘው ያለ ጊዜ ገደብ ነው፤ ለልጁ ያወርሰዋል። ከተማው ሲሰፋ ማሳው በፕላን ይገባል። ለሕዝብ ጥቅም ተብሎ ሲነሳ በ2011ዱ አዋጅ ቁጥር 1161 መሠረት ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው የዓመት ገቢ በ15 ተባዝቶ ይከፈለዋል። የ15 ዓመት ገቢ ለሰሚው ብዙ ነው። ቡና ተክል ግን በአግባቡ ከተጎነደለ ከዚያ በላይ ያበላል። ገንዘቡን ደግሞ ወንድም፣ አማችና ሚኒባስ ይካፈሉታል። የእሱ የነበረው ቦታ ላይ ሌላው በሊዝ ለ99 ዓመት ቤት ይሠራበታል።

የአጂፕ ልጅ፦
ጅሬን ማዶ፣ እንደ አንተ ከሆነ ከተማ የሚባል ነገር ከናካቴው አይኑር! ሰርቦም አጋሮም በአንድ ወቅት መንደር ነበሩ። ደግሞ አዲስ ወረዳ ማለት ተጨማሪ የፓርላማ ወንበር ነው፤ የሚናገርልን ሰው ይጨምራል።

ጡረተኛው መምህር፦
አይጨምርም። የምርጫ ክልልና ወረዳ አንድ አይደሉም። የተወካዮች ምክር ቤት ከ550 አይበልጥም ተብሎ በሕገ መንግሥት ተወስኗል። ወረዳ በተከፈለ ቁጥር ወንበር የሚጨምር ቢሆን አዳራሹ አይበቃም ነበር።

ነርሷ፦
ሥራ ላይ ስለነበርኩ ዘግይቼ ገባሁ። ገጠር ጤና ጣቢያ ነው የምሠራው። ጋሼ፣ እኔ ከሁለቱም ወገን ነኝ።

መጀመሪያ መከፈሉን የሚቃወም ነገር ልናገር። ጤና ኬላ ለ3 ሺህ እስከ 5 ሺህ ሰው፣ ጤና ጣቢያ ለ25 ሺህ፣ የመጀመሪያ ደረጃ ሆስፒታል ደግሞ ለ100 ሺህ አካባቢ ሰው ነው የሚታቀደው። ስሌቱ በሰው ነው፤ ወረዳው ቢከፈልም ባይከፈልም ያው ነው። የማኅበረሰብ ጤና መድኑም እንደዚያ። በ2003 ለሙከራ ሲጀመር ከተመረጡት 13 ወረዳዎች አንዱ እዚሁ ዞን ያለው ሊሙ ኮሳ ነበር። መዋጮው የሚጠራቀመው በወረዳ ነው። የአባሉ ቁጥር ሲያንስ ቋቱ ያንሳል፤ አንድ ክፉ የወባ ወቅት ያራቁተዋል።

አሁን የሚደግፈውን ስሙኝ። አምቡላንስ። የሚታደለው በወረዳ ነው። ወረዳው 100 ሺህ ሰው ይኑረው 300 ሺህ፣ እኔ ስደውል የሚያነሳው ያው አንድ ሹፌር ነው። አንድ ሌሊት ደም የሚፈሳት እናት ይዘን ደወልኩለት። «ጅማ ሆስፒታል ነኝ፣ ሌላ እናት አድርሼ እየተመለስኩ ነው» አለኝ። ሹፌሩ አልዋሸም፣ አላጠፋም። ባሏና ወንድሞቿ በቃሬዛ ተሸክመዋት ወረዱ፤ እኔ ግሉኮሱን ከፍ አድርጌ ይዤ ከጎን እሮጣለሁ። ዋናው መንገድ ላይ አይሱዙ አቁመን ጫንናት። ተርፋለች፤ ልጁም ደህና ነው። ስለዚህ «ወረዳ ሲከፈል ምን ይገኛል?» ለምትሉ፣ እኔ ጋ ሁለተኛ አምቡላንስ ይገኛል።

ባጃጁ፦
እኅቴ እጅሽ ይባረክ።

ሒሳብ ሹም፦
ነርሷ የምትለው ልክ ነው። አሁን ግን አስቡት፤ አምቡላንስ የፈለገ ሰው ለምን አዲስ አፈ ጉባኤ ይገዛል? የቡና ሰው አጎትም የሚፈልጉት ዳኛ ነው፤ ካቢኔ አይደለም። ተዘዋዋሪ ችሎት የሚባል ነገር አለ። ዳኛውና ጸሐፊዋ በገበያ ቀን ራቅ ያሉ ቀበሌዎች መሃል ሄደው ይቀመጡ። ሰዉ ለገበያ መውጣቱ አይቀር። ወጪው ነዳጅና የሁለት ሰው አበል ነው። የመሬት ባለሙያውም አብሮ ይሂድ፤ የይዞታ ማረጋገጫ የሚፈልገው እዚያው ይስተናገድ። ይህን ከአዲስ ወረዳ ወጪ በጣም በትንሹ እሠራላችኋለሁ።

የቡና ሰው፦
ወረቀት ላይ ጥሩ ነው። ነዳጁ ሚያዝያ ላይ ያልቃል ያልከው ግን አንተ ነህ! ችሎቱ እስከ ሚያዝያ ይዘዋወርና ግንቦትና ሰኔን ይቀመጣል። ሰው የሚቸገረው ደግሞ ዝናቡ ሲገባ ነው። የወረዳ ከተማ ግን አንዴ ከመጣ አይመለስም። ቢሮው ባይሠራ እንኳ ሕንፃው አለ፤ መንገዱ አለ። እኛ ገጠር የተወለድን ሰዎች ፕሮግራምን አናምንም፣ ሕንፃን ነው የምናምነው።

ጅሬን ማዶ፦
ሕንፃ አምኖ የተቀመጠ ሕዝብ ቁልፍ ጠባቂ ሲፈልግ ይውላል።

ጡረተኛው መምህር፦
ከዚህ ሁሉ አንድ የሚያስማማ ነገር አያለሁ። የችሎቱ ነዳጅ ከሥራ ማስኬጃው ተለይቶ፣ ስሙ ተጠርቶ፣ ዓመቱን ሙሉ እንዳይነካ ሆኖ በጀት ይያዝለት። የወረዳው ምክር ቤት በጀት ሲያጸድቅ በዚህ ላይ ድምፅ ይስጥ። የቀበሌ ተወካዮቻችን እዚያ ተቀምጠዋል አይደል? አንድ ዓመት ይሞከር፤ ካልሠራ እኔም ይከፈል እላለሁ።

የአጂፕ ልጅ፦
ጋሼ አንድ ዓመት አሉ፤ ተጽፏል። እኔ አሁንም ይከፈል ባይ ነኝ፤ ግን ከመከፈሉ በፊት የከተማው ቦታ የት እንደሚሆን ሰዉ ይወቀው። የጅሬን ማዶ ነገር ገብቶኛል።

ነርሷ፦
የችሎቱን አገኛችሁት። የእኔውስ? ሁለተኛ አምቡላንስ ይጨመርልን ብለን ጠይቀናል። መልሱ «ለአንድ ወረዳ አንድ» የሚል ነበር። ታዲያ ሰዉ ወረዳ ባይጠይቅ ምን ይጠይቅ?

ሒሳብ ሹም፦
ድልድሉ በሕዝብ ብዛት ይሁን የሚል ደብዳቤ ጻፉና አምጡልኝ፤ መጀመሪያ የምፈርመው እኔ ነኝ። ወረዳ ይከፈል የሚለውን ግን አልፈርምም።