ቢ-24 ሞዴሌ በጭራው ቁጭ አለብኝ! ለነገ ጠዋት ነው፣ እርዱኝ

ክንፈ ብረት፦
ሰላም ለሁላችሁ፣ በጣም አስቸኳይ ነው። ቢ-24 ሊበሬተር የተባለውን የአሜሪካ ቦምብ ጣይ አውሮፕላን የፕላስቲክ ሞዴል ጨርሼ ሦስቱን እግሮች ለጥፌ ሳቆመው አፍንጫውን ሰቅሎ በጭራው ቁጭ አለ። አካሉ ተዘግቷል፣ ቀለሙም አልቋል። መመሪያው ላይ «አፍንጫው ውስጥ ክብደት አስገባ» የሚለውን መስመር ዘልዬዋለሁ። ነገ ጠዋት ስለ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ቦምብ ጣዮች በሚዘጋጅ ኤግዚቢሽን ጠረጴዛ ላይ መቆም አለበት። ከፊቱ የሚቀመጠው ጽሑፍ «እ.ኤ.አ. ኦገስት 1 ቀን 1943 ፕሎየሽትን ከ7,000 ሜትር ከፍታ የደበደበው ሊበሬተር» ይላል (ፕሎየሽት የነዳጅ ማጣሪያዎች የነበሩባት የሩማንያ ከተማ ናት)። ሳልሰብረው እንዴት ላቁመው?

ባለ ሚዛን፦
ስኬሉ (ከእውነተኛው ስንት እጅ ያነሰ መሆኑ) ስንት ነው? 1/72 ነው 1/48? አፍንጫው ሙሉ መስታወት ነው ወይስ ቱሬት (የሚሽከረከር የመትረየስ ማማ) አለው? የቦምብ ክፍሉ በር ክፍት ነው ዝግ? ሞተሮቹስ በደንብ ተጣብቀዋል? ይህን ሳናውቅ የምንሰጥህ መልስ ሁሉ ግምት ነው።

አብራሪው፦
ለመነሳት ቸኩሎ ነው፣ ማኮብኮቢያውን ልቀቁለት 😄

የድሮ ክንፍ፦
ችግሩ ከየት እንደመጣ ማወቅ ይጠቅማል። ቢ-17፣ ላንካስተርና ሄንከል 111 ትንሿ ጎማቸው ጭራ ሥር ስለሆነች ሲቆሙ በተፈጥሯቸው ወደ ኋላ ያዘነብላሉ፤ ሞዴላቸውም ምንም ክብደት አይፈልግም። ቢ-24፣ ቢ-25፣ ቢ-26 እና ቢ-29 ግን ሦስተኛ ጎማቸው አፍንጫ ሥር ነው። ይህ አቋም ለአብራሪው የፊት እይታ ይሰጠዋል፣ አካሉም መሬት ላይ አግድም ስለሚቆም ቦምብ ለመጫን ይመቻል። በአንጻሩ ዋናዎቹ ጎማዎች ከክብደቱ ማዕከል ጥቂት ብቻ ወደ ኋላ ነው የሚያርፉት። በእውነተኛው አውሮፕላን ያን ማዕከል ወደ ፊት የሚስቡት ሞተሮቹ፣ የፊተኛው ትጥቅና ሰዎቹ ናቸው። ፕላስቲኩ ውስጥ ሞተሩም ባዶ ነው፣ ኮክፒቱም (የአብራሪው ክፍል) ባዶ ነው፤ ጭራው ደግሞ ሁለት ትልልቅ ቀጥ ያሉ ክንፎችና ቱሬት ተሸክሟል። ስለዚህ ሚዛኑ ወደ ኋላ ይሄዳል።

ሰማያዊ፦
ቀላል ነው። ከእርሳስ ማዕድን የተሠራ ትንንሽ የጥይት ፍሬ አስገባ፣ ነጭ የእንጨት ኮላ አፍስስበት፣ አለቀ።

ባለ ሚዛን፦
@ሰማያዊ በፍጹም! እርሳስና ነጭ ኮላ አብረው አይኖሩም። ከኮላው የሚወጣው አሲድ እርሳሱን ቀስ በቀስ ወደ ነጭ ዱቄት ይለውጠዋል፤ ዱቄቱ ከብረቱ የበለጠ ቦታ ስለሚይዝ ያብጣል። ከወራት ወይም ከዓመታት በኋላ አካሉ በመጋጠሚያው መስመር ይሰነጠቃል። ፍሬው ትንንሽ በሆነ ቁጥር ደግሞ ኮላው የሚነካው ገጽ ስለሚበዛ ይብሳል። በኢፖክሲ (ሁለት ፈሳሽ ተደባልቆ የሚደርቅ ማጣበቂያ) ብቻ አጣብቀው።

ክንፈ ብረት፦
1/72። አፍንጫው ሙሉ መስታወት ነው። የቦምቡ በር ዝግ። የሞተሮቹን ሽፋን በትንሽ ማጣበቂያ ብቻ ነው የያዝኩት፣ ሳይነቀሉ አይቀሩም። ፍጠኑልኝ እባካችሁ

ታሪክ አክባሪ፦
ሞዴሉ ከመቆሙ በፊት ጽሑፉ ይታረም። አፍንጫው መስታወት ከሆነ ቢ-24ዲ የተባለው ሥሪት ነው፣ ለዚያ ቀን ትክክለኛው እሱ ነው። ቱሬት ያለው ቢ-24ጄ ከፋብሪካ መውጣት የጀመረው ከዚያ ጥቃት በኋላ ነው። ከፍታው ግን ፈጽሞ ስህተት ነው። በዚያን ቀን ከሊቢያዋ ቤንጋዚ አካባቢ የተነሱት ከ170 በላይ ሊበሬተሮች የሩማንያን ማጣሪያዎች የመቱት የዛፍ ጫፍ እየታከኩ ነው። ለዚህም ሲባል ኖርደን የተባለው የቦምብ ማነጣጠሪያ ወርዶ ለዝቅተኛ በረራ በሚሆን ቀላል ማነጣጠሪያ ተተካ። ቦምቦቹም የዘገየ ፊውዝ (ዘግይቶ የሚያፈነዳ ማፈንጃ) ተገጠመላቸው፤ አለበለዚያ የፊተኛው የጣለው የኋለኛውን ያቃጥለዋል። መንገዱ ደርሶ መልስ ከ3,000 ኪሎ ሜትር በላይ ስለነበር ቦምብ ክፍሉ ውስጥ ተጨማሪ የነዳጅ ታንክ ተጭኗል። ከ50 በላይ አውሮፕላኖች ጠፉ። አምስት ሰዎች የአሜሪካን ከፍተኛ የጀግንነት ሜዳልያ አገኙ። ለእነዚያ ሰዎች ስንል «ከ7,000 ሜትር» የሚለው ይውጣ።

ክንፈ ብረት፦
እሺ አወጣዋለሁ። እግሩስ?

ሰማያዊ፦
ኮላው ይቅር። ግን እንዳልኩት እርሳስ አስገባ፣ ዋናው ክብደት ነው።

ባለ ሚዛን፦
ስንት ግራምና የት የሚለውን ሳናሰላ አናስገባም። የወጥ ቤት ሚዛን አምጣ። ዋናዎቹን ጎማዎች ከሚዛኑ እኩል ከፍታ ባለው መጽሐፍ ላይ አቁም፣ የጭራውን ሥር ሚዛኑ ላይ አሳርፍ፣ አካሉ አግድም ይሁን። የሚያሳየውን ግራም ጻፍ። ከዚያ ከዋናዎቹ ጎማዎች መካከል ጭራው ሚዛኑን እስከሚነካበት ቦታ ያለውን ርቀት ለካ።

ለምሳሌ 25 ግራም ቢያሳይና ርቀቱ 13 ሴንቲ ቢሆን 25 ሲባዛ በ13፣ 325 ነው። ጠረጴዛ ሲነካ መልሶ እንዳይነሳ አንድ አምስተኛውን ጨምርበት፣ 390 ይሆናል። ክብደቱን የምታስገባበት ቦታ ከዋናዎቹ ጎማዎች 8 ሴንቲ ወደ ፊት ከሆነ 390 ለ8፣ ወደ 49 ግራም ማለት ነው።

ያን ሁሉ አፍንጫው ውስጥ አትጨቅ። የአራቱን ሞተሮች ሽፋን በከተር ጫፍ ቀስ ብለህ አላቅ፤ ከእያንዳንዱ ሞተር ጀርባ 8 ግራም እርሳስ ይገባል። ሞተሮቹ ከጎማዎቹ 4 ሴንቲ ወደ ፊት ቢሆኑ 4 ሲባዛ በ8 ሲባዛ በ4፣ 128 ነው። ከ390 ሲቀነስ 262 ይቀራል፤ ለ8 ሲካፈል ወደ 33 ግራም። የመኪና ጎማ ባላንስ እርሳስ ተቆርጦ ይሆናል፣ ግን ዛሬ ብዙው ከብረት ወይም ከዚንክ ነው የሚሠራው፣ አረጋግጥ። እርሳስ በኪዩቢክ ሴንቲሜትር 11.3 ግራም ይመዝናል፣ ብረት 7.9 ብቻ፤ ብረት ከሆነ ቦታ አይበቃህም።

ትራፓኖ፦
የማስገቢያው መንገድ የፊት ጎማው ጉድጓድ ነው። የኋላ ግድግዳውን በእጅ መሰርሰሪያ 5 ሚሊ ብሳ። እዚህ ላይ ተጠንቀቅ፦ የቢ-24ዲ አፍንጫ ከውስጥ ክፍት ነው። አፍንጫውን ወደ ታች ዘቅዝቀህ ፍሬ ብታፈስ ተንከባሎ መስታወቱ ውስጥ ይከማቻል፣ ከውጭ ይታያል፣ መውጫም የለውም። መጀመሪያ በቀዳዳው በኩል የፕላስቲሲን (እንደ ጭቃ የሚለሰልስ መጫወቻ) ድብልብል ገፍተህ ወደ መስታወቱ የሚወስደውን መንገድ ዝጋ። ከዚያ እርሳሱን በትንሽ በትንሹ፣ በየመሃሉ ኢፖክሲ ጠብ አድርግ። ባለ 5 ደቂቃውን ኢፖክሲ አንድ ጊዜ ብዙ ካፈሰስክ ሲደርቅ ይሞቃል፣ ቀጭኑን ፕላስቲክ ያጣምመዋል። ሱፐር ግሉ ደግሞ አፍንጫው አጠገብ አታድርስ፤ ተኑ መስታወቱን ከውስጥ ነጭ ጉም ያለብሰዋል፣ በተዘጋ አካል ውስጥ ደግሞ አይጠረግም። እርሳስ ከነካህ በኋላ እጅህን ታጠብ።

የድሮ ክንፍ፦
ይህን ሁሉ በአንድ ሌሊት? የቆመው በጭራው ነው ብሎ መደንገጡ ራሱ ልክ አይመስለኝም። እውነተኛው ሊበሬተርም ክብደት ወደ ኋላ ሲያደላ አፍንጫውን ያነሳ ነበር። ለዚህ ነው ጭራው ሥር መከላከያ ያለው፤ መሬት ላይ ሲቆምም ሠራተኞች ከጭራው ሥር የድጋፍ ዘንግ የሚያቆሙለት። ሲነሳና ሲያርፍም ከኋላ ያሉት ተኳሾች ወደ ፊት ይሰበሰቡ ነበር። ከ1 ሚሊ የነሐስ ሽቦ ዘንግ ቆርጠህ፣ ከታች ትንሽ ክብ ፕላስቲክ ለጥፈህ ብታቆምለት ታሪኩን የሚያውቅ ሰው ደስ ይለዋል። በ10 ደቂቃ ያልቃል።

ታሪክ አክባሪ፦
ትክክል። ዘንጉ ካለ ግን ሞተሮቹ የቆሙ፣ ኮክፒቱ ሰው የሌለበት ይሁን። ፕሮፔለሩ የሚሽከረከር አስመስለህ ከሠራኸው ዘንጉን አታድርግ።

ትራፓኖ፦
ጠረጴዛው ላይ ተጣብቆ የሚቀር ከሆነ ሌላም መንገድ አለ። የፊት ጎማውን ከሥሩ 0.8 ሚሊ ብሳ፣ 2 ሴንቲ ሽቦ ክተት፣ መቆሚያ እንጨቱን ብሳና አጣብቅ። ሽቦው እስከ እግሩ ዘንግ ይግባ፤ ጎማው ላይ ብቻ ካቆምከው ጭራው ሲስበው ጎማው ተነቅሎ ይቀራል።

ባለ ሚዛን፦
ክብደት ካስገባህ የፊት እግሩን ዛሬ ማታ አታሸክመው። ከአካሉ ሥር መጽሐፍ ደግፈህ አሳድረው፣ ማጣበቂያው ይጥና። ጠዋት ከመውሰድህ በፊት ጭራውን በጣትህ ወደ ታች ገፋ አድርገህ ልቀቀው፤ አፍንጫው ራሱ ካልተመለሰ 5 ግራም ጨምር። ለዚህም ሲባል ፕላስቲሲኑን ያስገባህበትን ቀዳዳ እስከ ጠዋት አትዝጋው።

አብራሪው፦
@ክንፈ ብረት አለህ? ዘንጉን መረጥክ እርሳሱን?