ለእናቴ ምን ልበላት?

ሰላም እህቶቼ፣ ወንድሞቼ። የጎንደር ልጅ ነኝ። ከባለትዳር ሰው ጋር ለዓመታት በድብቅ ቆይቻለሁ። እወደዋለሁ። ፒያሳ ላይ ስንገናኝ ግን እንደማይተዋወቅ ሰው እንተላለፋለን።

ጥር 11 ፋሲል መዋኛ ታቦት ስንሸኝ ሚስቱ ከጎኔ ቆማ ነበር። በግፊያው ነጠላዬ ቢወድቅ አንስታ፣ አራግፋ አለበሰችኝ። «አይዞሽ የኔ እህት» አለችኝ። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም።

እሱ «ልጆቹ ይደጉና እፈታታለሁ» ሲል ኖረ። አሁን ደግሞ በድብቅ ሰማንያ እንፈራረም ይለኛል። የመጀመሪያው ሳይፈርስ ሁለተኛ መጋባት እኮ በሕግ ያስቀጣል! እናቴ በበኩሏ ከአዘዞ ሽማግሌ ሊመጣልሽ ነው ብላ ጠላ ጠንስሳለች።

ለእሷ ምን ልበላት? እሱንስ እንዴት ልቁረጠው? ሲደውል እጄ ይከዳኛል። በዚህ ያለፋችሁ፣ እንዴት ተወጣችሁት? እባካችሁ ምከሩኝ።