ልጅን ዳገት ላይ በገመድ መጎተት የሞከራችሁ አላችሁ?

ጥያቄ፦ ልጄ ሰባት ዓመቷ ነው። ቁልቁለት ላይ ጎበዝ ናት። ዳገት ሲመጣ ግን ግማሽ መንገድ ላይ እግሯ ይዝልና ከብስክሌቷ ትወርዳለች። በአንድ እጄ ስገፋት ሁለታችንም እንንገዳገዳለን። የሚለጠጥ ገመድ የት ነው የሚታሰረው? ድንገት ፍሬን ብትይዝስ?

መልስ፦ እኔ ለወንድ ልጄ ሁሌም ይዤ ነው የምወጣው። በአንተ በኩል ከኮርቻው ኋላ ታጠልቀዋለህ፤ በእሷ በኩል መሪው መሀል ላይ። መያዣው ጫፍ ላይ እንዳታደርገው፤ መሪውን ይጠመዝዝባታል። አትቋጥረው፣ በቀላሉ የሚወልቅ ቀለበት ይሁን። ስትነሳ ቀላል ማርሽ ያዝ፤ ገመዱ ቀስ ብሎ ይወጠር፣ ከዚያ ፔዳሉን ግፋ። ፍሬን ብትይዝ ገመዱ ስለሚለጠጥ ወዲያው አይነጥቃትም፤ ግን ቶሎ መቆም አለብህ። ስለዚህ «ቁም!» ማለትን ሜዳ ላይ ተለማመዱ። ፔዳል መምታቷንም አታቁም። እየረዳሃት ነው እንጂ እየተሸከምካት አይደለም፤ አናቱ ላይ ስትደርስ ደስታዋ የሚመጣው ከዚያ ነው።

ሌላ መልስ፦ ቁልቁለት ከመጀመሩ በፊት ፍታው! ገመዱ ሲላላ የፊት ጎማዋ ውስጥ ይገባል። ለሙከራ ያህል አሮጌ ካላማዳሪም ይሠራል፤ መጀመሪያ ግን የተሰነጠቀ ቦታ እንደሌለው እየሳብክ እየው።

ጠያቂው፦ እግዜር ይስጥልኝ። «ቁም!» የሚለውን ዛሬውኑ እንጀምራለን። ገመዱ ሲፈታ ኪስ ውስጥ ነው የምትከቱት ወይስ ወገብ ላይ?

መልስ፦ ወገብ ላይ፣ ጫፉ ሳይንጠለጠል።